ሞተር አጥፍቶ መሰነባበት

እኛ አንዴ ቻው ብለን የምንለያይ ሰዎች አይደለንም። አቡ ዳቢ ውስጥ ለአምልኮ የምንሰበሰብበት አዳራሽ የኛ ብቻ ስላልሆነ፣ እሁድ ከሰዓት ፕሮግራማችን ሲያልቅ ሌላ ቋንቋ የሚናገሩ ወገኖች መጽሐፋቸውን ይዘው በር ላይ ይጠብቁናል። ስለዚህ ተግተልትለን ወደ መኪና ማቆሚያው እንወጣለን። እውነተኛው ጨዋታ የሚጀምረው እዚያ ነው። በር ላይ ቻው፣ መኪናው ጋ ደርሶ ቻው፣ መስኮት ዝቅ አድርጎ ቻው፣ ከዚያ "ውይ፣ ረስቼው!" ተብሎ ከመኪና ወርዶ ሌላ ወሬ። አንድ ወንድም ሚስቱን መኪና ውስጥ ሲጠብቅ እንቅልፍ ወስዶት አፉን ከፍቶ ሲያንኮራፋ ልጆች ከበው ሲስቁበት አይቻለሁ።

በዚያ ላይ ሙቀቱ አለ። ሰው ከአዳራሽ እንደወጣ መጀመሪያ የሚያደርገው መኪናውን አስነስቶ ኤሲውን መክፈት ነው። "ትንሽ ቀዝቀዝ ይበል" ይባላል። መኪናው ይቀዘቅዛል፣ ባለቤቱ ግን ውጪ ቆሞ ያወራል። በዚያች ጠባብ ቦታ መኪኖቹ ሁሉ በረድፍ ሞተራቸው እየሠራ፣ እኛ መሀላቸው ቆመን፣ ልጆቻችን በኋላ በኋላቸው ድብብቆሽ እየተጫወቱ ይመሻል።

በዚህ ማንም እንዲስቅብን አልፈልግም። ከመካከላችን አል ባጢን ቪላ ውስጥ የሚሠሩ እህቶች አሉ። ከማዳም፣ ከአሠሪያቸው፣ ፈቃድ የሚያገኙት ሲቀናቸው ብቻ ነው። ለነሱ ያ መኪና ማቆሚያ እንደ እናታቸው ግቢ ነው። እዚያ ያለቅሳሉ፣ እዚያ ይሳሳቃሉ፣ ከሀገር የመጣ በርበሬ እዚያ ይከፋፈላሉ። ያንን ቻው ያሳጠረባቸው ሰው እኔን አያድርገኝ እል ነበር። ኋላ ግን ነገሩ ልጄን ነካ።

ልጄ እዚሁ ነው የተወለደችው። የምንኖረው አል ናህያን ነው፣ አንድ ፎቅ ላይ፣ ከባሏና ከልጇ ጋር የምትጣላ አንዲት ተናዳጅ ሴት ባለችበት ቤት። ያቺ ሴት እኔ ነኝ። ልጄ አማርኛዋ ይሰባበራል፤ ትልቁንም ትንሹንም "አንተ" ነው የምትለው፣ ስትናደድማ ጭራሽ ወደ እንግሊዝኛ ትገባለች። ስትዘምር ግን አንዲት ፊደል አታበላሽም። ልጄ ስለሆነች አይደለም የምለው። ደግሞስ ልጄ ስለሆነች ብልስ ማን ይከለክለኛል? የልጆች መዘምራን አሠልጣኙ፣ ቀን ቀን ቢሮ የሚሠራ ትዕግስተኛ ወጣት፣ "ይሄ ሁሉ ድምፅ ከዚህች ቀጭን ልጅ ከየት ነው የሚወጣው?" ይል ነበር።

ችግሩ ከፕሮግራም ተመልሰን ቤት ስንገባ ይጀምራል። ታስላለች። ደረቷ ሲጥ ሲጥ ይላል፣ ትከሻዋ ከፍ ዝቅ ይላል፣ እራት ቀርቦ ማንኪያውን ይዛ ትቀመጣለች። ሐኪም አስም መሆኑን ነግሮን በአፍ የሚሳብ ፓፍም ሰጥቶን ነበር። ባለቤቴ ግን ያንን ቃል ከቤት ውጪ እንዳናነሳው ለመነን። "ብርድ ነው በሉ" አለ። የሒሳብ ሠራተኛ ነው፣ ድምፁን ከፍ አድርጎ የማያውቅ፣ ተቆጥቶም የሚለምን የሚመስል ሰው። ታላቅ እህቱ በልጅነቷ እንደዚሁ ደረቷ ሲጥ ሲጥ ይል ነበር አሉ። ሰፈርተኛው "የማትድን በሽተኛ" እያለ አወራባት፣ ጓደኞቿ ሁሉ ተድረው እሷ ከእናቷ ቤት ቀረች። "ሴት ልጅ ናት፤ ሰው ያወራባታል" ይለኛል። "እዚህ አቡ ዳቢ ነው እኮ!" ስለው፣ "ሰዎቹ ግን የኛው ሰዎች ናቸው" ይላል።

ብርድ ነው ስንል ደግሞ ማን ይጠራጠር? በረሃ ውስጥ እየኖርን የምንፈራው ብርድ ነው። አዲስ አበባ ታክሲ ውስጥ መስኮት ትንሽ ከተከፈተ ከኋላ "ኧረ ዝጉት፣ ብርድ ሊመታን ነው!" የሚል አይጠፋም። ያንን ፍርሃት ሻንጣችን ውስጥ ከትተን ነው የመጣነው። ስለዚህ ልጅቷ ስታስል ሁሉም የአዳራሹን ኤሲ በክፉ ዓይን አየው። አንዷ እህት ከመዘምራኑ በላይ ባለው የኤሲ አየር መውጫ ላይ ካርቶን ለጠፈችበት። ሌላዋ ነጠላ አምጥታ አንገቷ ላይ ጠመጠመችላት። ዝንጅብል በማር ያላመጣልን ሰው የለም። እኔም ከአዳራሹ ጠባቂ ጋር ኤሲ ቀንስ አልቀንስም እየተባባልን ተናቁረናል። ቀነሰልን፤ ሰባኪያችን በላብ ተጠመቁ፣ ልጄም ማታ እንደተለመደው ሳለች።

እንዲህ እያልን ሳለ አል ዐይን ከተማ ካሉ ወገኖቻችን ጋር የጋራ ፕሮግራም ተያዘ፣ ሶሎው፣ ለብቻ የሚዘመረው ክፍል፣ ለልጄ ተሰጠ። ቤቱን በዝማሬ አናወጠችው። ጥርስ ስትፋቅ ትዘምራለች፣ ሊፍት ውስጥ ትዘምራለች፤ ከላይ ያለው የሕንድ ቤተሰብ ዜማውን ሳያውቀው የቀረ አይመስለኝም። ከዚያ አንድ እሁድ አሠልጣኙ ጠጋ ብሎ፣ "እትዬ፣ እንዳይከፋሽ። ሳሉ ካልተሻላት ለሌላ ልጅ ብንሰጠው ይሻል ይሆናል። መድረክ ላይ እንዳትጎዳ ብዬ ነው" አለኝ። አነጋገሩ ክፋት አልነበረውም። ልጄ ግን ሰምታዋለች። ቤት እንደደረስን መታጠቢያ ቤት ገብታ ቆልፋ አለቀሰች። ሲያለቅሱ ደግሞ ሳል ይብሳል። በሩ ላይ ቆሜ ያንን ድምፅ ሰማሁ። "ኸላስ!" አልኩኝ፤ በቃ ማለት ነው፣ እዚህ ስንኖር ከአፋችን የማይጠፋ ቃል ነው። ባለቤቴን ሳልጠይቅ ሌላ ሐኪም ዘንድ ቀጠሮ ያዝኩ።

ሐኪሟ ሱዳናዊት ናት። ረጋ ያለች፣ ለእናት ሳይሆን ለልጅ ጥያቄ የምታቀርብ ሴት። "መቼ ነው የሚብስብሽ?" ስትላት እኔ ቀደም ብዬ ስለ ኤሲው ማብራራት ጀመርኩ። ሐኪሟ በእጇ ቆይ አለችኝ። ልጄም፣ "አዳራሽ ውስጥ ደህና ነኝ። የሚጀምረኝ ቻው ስንባባል ነው። መኪኖቹ ጋ ስንቆም አፌ ውስጥ የጭስ ጣዕም አለ" አለች። ጆሮዬን ማመን አቃተኝ። ያን ሁሉ ጊዜ ካርቶን ስንለጥፍ፣ ነጠላ ስንጠመጥም ማንም እሷን የጠየቃት የለም።

ሐኪሟ በቀላል ቋንቋ አስረዳችን። የቆመ መኪና ሞተሩ ሲሠራ ጭሱ የትም አይሄድም፣ እዚያው ይከማቻል። መኪኖች በተጨናነቁበት፣ ነፋስ በሌለበት፣ አቧራና ሙቀት በተጨመረበት ቦታ የጤነኛውንም ሰው ሳንባ ያስቆጣል፤ አስም ያለበትን ደግሞ የአየር መተላለፊያው እንዲጠብ ያደርጋል። ልጆች አጫጭር ስለሆኑ ከማርሚታው የሚወጣውን ቀጥታ ይስቡታል፣ እየሮጡ ከሆነ ደግሞ አብዝተው። በየቀኑ የሚወሰድ መከላከያ መድኃኒት ጨምራ እንዳናቋርጠው፣ ፓፉም ከልጄ እጅ እንዳይለይ አዘዘችን። እኔም ሳላፍር፣ "ከለመደችው ግን አትላቀቀውም ይባላል" አልኳት። "ከምኑ ነው የማትላቀቀው?" አለች እየሳቀች። "ከመተንፈስ?"

በሚቀጥለው እሁድ ፕሮግራም አልቆ ሰው ሁሉ መኪናውን እንዳስነሳ መሀል ቆምኩና፣ "ኧረ ሞተር አጥፉ! ልጆቹን እያፈናችኋቸው ነው!" ብዬ ጮህኩ። ሳቁ። "ዛሬ ደግሞ ምን ነካሽ?" አለችኝ ጓደኛዬ። ካሉን ሽማግሌዎች አንዱ፣ ትልቅ አዲስ መኪና የገዙ ሰው፣ በመስኮት ብቅ ብለው፣ "ልጄ፣ ይሄ እኮ አዲስ ነው፤ ጭስ የለውም" አሉኝ። "ጋሼ፣ አዲስም ቢሆን የሚጠጣው ቤንዚን ነው፤ ሽቶ አይተፋም" አልኳቸው። ለይሉኝታ አጠፉ፣ ዞር ስል አስነሱ። ሌላውም እንደዚያው። እየተሳደብኩ ቤቴ ገባሁ። ልጄ እየሳለች፣ "ማሚ፣ እየጮህሽባቸው እኮ ነው። ለምን እንደሆነ አልነገርሻቸውም" አለችኝ። ለምን እንደሆነ ያልነገርኩት በአባቷ ምክንያት እንደሆነ እሷም ታውቃለች።

የሳምንቱ እሁድ ከእህቶች ጋር እያወራሁ ዘወር ስል ልጄ አጠገቤ የለችም። ስፈልጋት መጀመሪያ ረድፍ ላይ ካለው መኪና ጋ ቆማለች። መስኮቱን ቆረቆረች፣ መስታወቱ ወረደ። እጇን አጣምራ፣ ቤት ውስጥ ስንት ዓመት ለምኛት እምቢ ያለችኝን ጎንበስ ማለት ጎንበስ አለች። "ጋሼ፣ እባክዎ ሞተሩን ያጥፉልኝ። አስም አለብኝ።" ያጥፉልኝ! አንቱታውን ከየት አመጣችው? በኋላ ስጠይቃት ሳምንቱን ሙሉ ስትለማመደው እንደከረመች ነገረችኝ። ሰውዬው ክው አሉ። "አስም?" አሉ። "አዎ። አስም" አለች። ሞተሩ ጠፋ። እሷም "አመሰግናለሁ" ብላ ወደሚቀጥለው መኪና ሄደች።

ደረቴ በኩራት ሊፈነዳ ነበር። አንድ በአንድ እየቆረቆረች፣ እየጎነበሰች፣ ያንኑ ዓረፍተ ነገር ሳትጨምር ሳትቀንስ እየተናገረች ረድፉን ጨረሰችው። እኚያ አዲስ መኪና የገዙት ሽማግሌ ቆርቁራ ሳትጨርስ አጠፉት። የመጨረሻው ሞተር ሲጠፋ ያ ማቆሚያ ጸጥ አለ። እርስ በርሳችን የምንነጋገረው እስከዚያ ቀን እየጮህን እንደነበር ያወቅነው ያኔ ነው። ቻው ያጥራል ብዬ ፈርቼ ነበር። ኧረ ምኑ! በዚያ ሙቀት ላባችን እየተንጠባጠበ፣ በነጠላ እያራገብን፣ ያንኑ ያህል ቆመን አወራን። ወገኖቼን የዚያን ቀን ወደድኳቸው። ካርቶን የለጠፈችው እህት ጠጋ ብላ ቦርሳዋን ገለጥ አድርጋ የራሷን ፓፍ አሳየችኝ። "ማዳም እንዳታይብኝ ሽንት ቤት ገብቼ ነው የምወስደው" አለችኝ። ብርድ ነው ብላ ኤሲ ስትደፍን የነበረችው እሷ ናት እንግዲህ። ሁለታችንም እስክናለቅስ ሳቅን።

ባለቤቴ ግን አልሳቀም። መኪናችን ውስጥ መሪውን ይዞ ተቀምጦ ነበር፤ ሁሉንም ሰምቷል። ቤት ስንደርስ ልጁን አልተቆጣትም። እኔን ለብቻዬ፣ "አሁን ያላወቀ የለም። ነገ ይሄንን ከላይዋ ማን ያነሳላታል?" አለኝ። ፊቱን አየሁት። ይፈራ ነበር። የሚያየው ልጁን ሳይሆን እህቱን ነበር። ልጄ በዚያ ማታ አልሳለችም፣ እሱ ግን ሲገላበጥ አደረ።

ሳሉ ስለቀነሰላት አሠልጣኙ ሶሎውን ተወላት። አል ዐይን የሄድን ቀን ከጧት ጀምሮ አቧራ ነበር። በመንገዱ ግራና ቀኝ ያሉት ዛፎች ሁሉ ቡላ ሆነዋል፣ የጭነት መኪኖች ከአቧራው ውስጥ ብቅ እያሉ ያልፉናል። ከተማዋ ስንደርስ ሌላ ጊዜ ከሩቅ የሚታየው የጀበል ሐፊት ተራራ የለም። የሚነዳው ባለቤቴ ነው። ልንደርስ ስንል፣ "ዛሬ ይቅርባት" አለ። እኔ ልነሳበት ስል ልጄ ከኋላ፣ "ዳዲ፣ መከላከያዬን ጧት ወስጃለሁ። ፓፌም የሚገጠምበት ቱቦም ቦርሳዬ ውስጥ ነው። ካቃተኝ አቆማለሁ" አለች። እሱ በመስታወት አያት።

ከአዳራሹ ደጅ ደግሞ ሌላ ጉድ ጠበቀን። እኚያ "ጭስ የለውም" ባዩ ሽማግሌ ቀድመውን ደርሰው፣ ማንም ሳያዛቸው በመኪኖቹ መሀል እየተዘዋወሩ የአል ዐይን ሰዎችን፣ "ወንድሜ፣ ሞተር አጥፋ! እኛ ጋ እንዲህ አይደረግም፤ ልጆች አሉ" እያሉ ይቆጣሉ። አይ ጋሼ! ያገሬው ሰዎች ግራ ገብቷቸው ያጠፋሉ። "የማን ልጅ ናት ይሄንን ያስጀመረችው?" ብሎ አንዱ ሲጠይቅ ሰማሁ። የኔ ናት አልኩ፣ ማንም እኔን ሳይጠይቀኝ።

አዳራሹ ጢም ብሎ ሞልቶ ነበር። መዘምራኑ ተሰለፉ፣ ልጄ ማይኩን ይዛ አንድ እርምጃ ወደ ፊት ወጣች። የመጀመሪያውን ስንኝ ስትጀምር ከኋላዬ ያለች ሴት "ውይ!" ስትል ሰማሁ። ሁለተኛው ላይ እናት ስለሆንኩ ነው መሰለኝ ከሁሉም ቀድሜ አወቅኩት። ትንፋሽ የምትወስድባቸው ቦታዎች ተቀራረቡ። ትከሻዋ ከፍ አለ። አሠልጣኙ በዓይኑ "ይብቃ?" አላት። ሦስተኛው ስንኝ መሀል ላይ መዘመሯን አቆመች። ፒያኖው ትንሽ ብቻውን ሄዶ እሱም ቆመ። ልጄ እግሯ ሥር ወዳለው ቦርሳዋ ጎንበስ ብላ ፓፉንና የሚገጠምበትን የፕላስቲክ ቱቦ አወጣች፤ ግን ለሁለት እጅ የሚሆን ሥራ ነው፣ ማይኩ ደግሞ አንድ እጇን ይዞባታል። የምታስቀምጥበት ፈልጋ ዞር ዞር አለች። ሕዝቡ መንሾካሾክ ጀመረ። "ምን ሆነች?" "ደነገጠች መሰለኝ።" "ብርድ ነው፣ ኤሲው ቀጥታ እሷ ላይ ነው" አለ አንዱ ደግሞ። ልነሳ ስል ክንዴን የገፋ ሰው አለ።

ባለቤቴ ነው። በሰው ጉልበት ላይ እየተረማመደ፣ ይቅርታ እንኳ ሳይጠይቅ፣ ያ ሰው ፊት መቆም የሚጨንቀው ሰውዬ መድረኩ ላይ ወጣ። ማይኩን ከልጁ እጅ ተቀበላት። እሷ ቱቦውን አፏ ላይ አድርጋ ፓፉን ስትጫነው፣ እሱ ወደ ሕዝቡ ዞረ።

"ብርድ አይደለም" አለ። "ልጄ አስም አለባት። መድኃኒቷን እስክትጨርስ ትንሽ ጠብቁን።"

ጠበቁን። አንድ ቦታ ሕፃን ያለቅሳል። ሳበች፣ ያዘችው፣ ለቀቀችው፣ ደግማ ሳበች። ትከሻዋ እስኪወርድ ድረስ እሱ ወለሉን እያየ ከጎኗ ቆመ። ከዚያ እጇን ዘረጋች፣ ማይኩን ሰጣት። እኔ ይወርዳል ብዬ ስጠብቅ እሱ ከልጆቹ ሰልፍ ጫፍ ላይ፣ ከሁሉም በእጥፍ ረዝሞ፣ እጁን አጣምሮ ቀረ። እሷም ካቆመችበት ቀጠለች።